ሳላነብ አልፈርምም፦ የእትዬ ፊርማ የሕይወት ታሪክ

እትዬ ፊርማ ከአናጢው አባታቸውና ከልብስ ሰፊዋ እናታቸው የካቲት 9 ቀን 1937 ዓ.ም. ከእንጨት መሰንጠቂያው ጀርባ በነበረችው ባለ ሁለት ክፍል ቤት ተወለዱ። ለቤቱ ሁለተኛና የመጨረሻ ልጅ ናቸው። በስድስት ዓመት የሚበልጧቸው አንድ ታላቅ እህት አሏቸው፤ ሁላችንም እታለም የምንላቸው፣ አሁንም ከፊት ወንበር ላይ በእጃቸው የሠሩትን ሹራብ ለብሰው የተቀመጡት ናቸው። እትዬ ፊርማ የሚለውን ስም ያወጣላቸው ሰፈሩ ነው። ለምን እንደወጣላቸው የሚያውቅ ያውቃል፤ የማያውቅ ደግሞ ጥቂት ይታገሥ። «አጭር የሕይወት ታሪክ» የሚባለው ለሌላ ሰው ይሁንለት፤ እሳቸውን በሕይወት ሳሉ ማንም አሳጥሯቸው አያውቅም።

አባታቸው ለትምህርት ቤት ጠረጴዛና አግዳሚ ወንበር ይሠሩ ነበር። ሁለቱ እህትማማቾች ገና ቀለም ያልተቀባ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጠው አንዷ መምህር አንዷ ተማሪ እየሆኑ ይጫወታሉ፤ ጠረጴዛው ሲያልቅ ግን በጋሪ ተጭኖ የሰው ልጆች ወደሚማሩበት ይሄዳል። አባት «አንድ ቀን የኔም ልጆች ይቀመጡበታል» ይሉ ነበር። ያን ቀን ሳያዩ በ1944 ዓ.ም. በሳንባ ሕመም አረፉ።

በቀጣዩ ዓመት መስከረም ላይ የአባታቸው ወንድም አንድ ወረቀትና የጣት ቀለም ይዘው መጡ። የሁለቱ ልጆች የትምህርት ቤት መመዝገቢያ ነው አሉ። እናት ፊደል አልቆጠሩም፤ ሰውየው ደግሞ የሟች ባላቸው ወንድም ናቸው፤ ማን ይጠረጥራል? አውራ ጣታቸውን ነክረው አተሙ። በዚያው ሳምንት ሰማያዊ ጨርቅ ገዝተው ሁለት የደንብ ልብስ ሰፉ፤ አንድ ትልቅ፣ አንድ ትንሽ። ትምህርት ሊጀመር ሦስት ቀን ሲቀረው በሩን ያንኳኩት ግን አስተማሪዎች አልነበሩም፤ ሽማግሌዎች ነበሩ። እናት ያተሙበት ወረቀት የአሥራ አራት ዓመቷ የእታለም የጋብቻ ውል ሆኖ ተገኘ። ሙሽራው የሠላሳ ስድስት ዓመት እህል ነጋዴ ነበር። ይህ ሰው የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ አባት ነው። ስለ ሞተ ሰው ክፉ አይወራም ይባላልና እዚህ ላይ ዝም እንላለን።

እታለም ከሄዱ በኋላ እናት ሁለት ቀን መርፌ ሳይነኩ ተቀመጡ። በሦስተኛው ቀን ተነሥተው ትንሿን የደንብ ልብስ ለትንሿ ልጃቸው አለበሱና እጇን ይዘው ራሳቸው ትምህርት ቤት ወሰዷት። በመንገድ ላይ አጎትየው አግኝተዋቸው ወዴት ናችሁ ቢሏቸው «በአንድ ጣት ሁለት ልጅ አላጣም» ብለዋቸው አልፈዋል። ትልቋ የደንብ ልብስ ደግሞ ሚስማር ላይ ተሰቅላ ቆየች። እትዬ ፊርማ አምስተኛ ክፍል ሲደርሱ ልክ ሆነችላቸው። እስከ መጨረሻው «እኔ የተማርኩት በእህቴ ልብስ ነው» ይሉ ነበር፤ ይህን ሲሉም እየሳቁ አልነበረም።

የመጀመሪያ ተማሪያቸው እናታቸው ናቸው። መምህርቷ ያኔ ሁለተኛ ክፍል ነበሩ። እናት እርሳስ ቢይዙ ቢይዙ ከጣታቸው እያመለጣቸው «ተዪኝ ልጄ፣ እርሳስና እኔ አንተዋወቅም» አሉ። እትዬ ፊርማ አልተዉም። ስማቸውን በጠመኔ ሰማያዊ ቁራጭ ጨርቅ ላይ ጻፉና ከእርሳሱ ይልቅ መርፌና ነጭ ክር አቀበሏቸው። እናት በስፌት ማሽን ፊት የተወለዱ እስኪመስሉ ድረስ መርፌ የለመዱ ሴት ነበሩና ስማቸውን በአንድ ከሰዓት በኋላ ጠልፈው ጨረሱት። ከዚያ ወዲህ ጣታቸውን ቀለም ውስጥ ነክረው አያውቁም።

እትዬ ፊርማ በ1952 ዓ.ም. ስምንተኛ ክፍልን አጠናቀው፣ ሁለት ዓመት የጽሕፈት መኪና ትምህርት ተምረው በ1955 ዓ.ም. በውል መመዝገቢያ ጽሕፈት ቤት በታይፒስትነት ተቀጠሩ። ከሁለት ዓመት በኋላ መስኮት ሦስት ተሰጣቸው። ሥራው ለሌላ ሰው ቢሆን ቀላል ነበር። ባለጉዳይ ውሉን ያቀርባል፤ መጻፍ የሚችል ይፈርማል፤ የማይችል አውራ ጣቱን ያትማል፤ ጸሐፊዋ ማኅተም ትመታለች፤ ቀጣይ ይባላል። እሳቸው ግን ጣቷን ልትነክር የመጣችውን ሴት እጇን በመስኮቱ ቀዳዳ ይይዙና «ቆዪ እህቴ፣ ምን ላይ እንደምታትሚ ታውቂያለሽ?» ይሏታል። ከዚያ ውሉን ከርእሱ እስከ ቀኑ ድረስ፣ ኮሪደሩ ላይ የተሰለፈው ሰው ሁሉ እየሰማ ያነቡላታል። ድምፃቸው ደግሞ እንደምታውቁት ነው። ስንቱ ባልና ስንቱ ወንድም እዚያ ሰልፍ ላይ ላብ በላብ እንደሆነ መስኮት ሦስት ይቁጠረው።

አንብቦ ማሰማት ብቻ አልበቃቸውም። «ዛሬ እኔ አነበብኩልሽ፤ ነገ እኔ ከሌለሁስ?» እያሉ ሴቶቹን በምሳ ሰዓት ከጽሕፈት ቤቱ ጀርባ ወዳለው ደረጃ ይጠሯቸው ጀመር። ደብተር የለሽም ተብላ የምትመለስ ሴት አልነበረችም፤ «ያለሽን ይዘሽ ነይ» ነበር ደንቡ። አጣቢዋ በሳሙና ሲሚንቶ ላይ ጻፈች። አትክልት ሻጯ በከሰል ጆንያ ላይ ጻፈች። የግንባታ ሠራተኛዋ በምትሠራው ደረጃ ገና ባልደረቀ ሲሚንቶ ላይ በሚስማር ስሟን ጻፈችና ፎርማኑ ደመወዟን ቆረጠባት፤ ያ ደረጃ ግን እስከ ዛሬ አለ፣ ስሟም አለ፣ ፎርማኑን የሚያስታውሰው የለም።

በ1960 ዓ.ም. መጽሐፍ ጠራዥ ከነበሩት ከባለቤታቸው ጋር ተጋቡ። የጋብቻ ውላቸው የተመዘገበው በዚያው ጽሕፈት ቤት ነው። ሙሽራዋ በጓደኞቻቸው ፊት ቆመው ውሉን እንደ ልማዳቸው ከርእሱ ጀምረው ሲያነቡ «ሚስት ለባልዋ ትታዘዛለች» የሚለው ላይ ደረሱና አቆሙ። አንድ ሰው «ሰርዙትና እንለፍ» አለ። እሳቸው ግን «ውል ላይ ስርዝ ድልዝ የለም» ብለው፣ እንግዳው ቆሞ እየጠበቀ፣ የሙሽራ ልብሳቸውን እንደለበሱ የጽሕፈት መኪናው ፊት ተቀምጠው ውሉን ያለዚያች መስመር እንደ አዲስ ጻፉት። ሙሽራው ምን ተሰማዎት ቢባሉ «እኔንም ቀለለኝ፤ ማዘዝ ማን ያውቅበታል» አሉ። ነፍሳቸውን ይማርና እስከ ዕለተ ሞታቸው ይህን ቃላቸውን አላጠፉም፤ ዕቃ የሚያጥቡበት ተራቸው ማክሰኞ፣ ሐሙስና ቅዳሜ ነበር።

የሠርግ ስጦታቸው በእጃቸው የጠረዙት ባለ አምስት መቶ ገጽ ደብተር ነው። ሽፋኑ እናት ስማቸውን የጠለፉበት ያ ሰማያዊ ጨርቅ ነው። እትዬ ፊርማ በዚህ ደብተር ላይ ያስተማሯቸው ሴቶች ሁሉ የመጀመሪያ ፊርማቸውን እንዲያኖሩ አደረጉ። አንዲት ሴት የመጀመሪያውን ገጽ ከፍታ ልትፈርም ስትል ግን «ከሁለተኛው መስመር ጀምሪ» ይሏታል። የመጀመሪያው መስመር የማን እንደሆነ የጠየቀ ሁሉ የሚያገኘው መልስ አንድ ነበር፤ የእታለም ነው።

በ1963 ዓ.ም. አንድ ሰው ባሏ የሞተባትን የወንድሙን ሚስት ይዞ መስኮት ሦስት ቀረበ። «የቧንቧ ውኃ ማስገቢያ ማመልከቻ ነው» ብሎ ነው ያመጣት። እትዬ ፊርማ ሲያነቡት ማመልከቻው ቤቷን ለእሱ በስጦታ የሰጠችበት ውል ነበር። ሴትዮዋ ቀለም የነካ ጣቷን በቀሚሷ ጠርጋ ወጥታ ሄደች፤ በማግስቱ በምሳ ሰዓት ደረጃው ላይ ነበረች። ሰውየው ግን ዝም አላለም። ከሰሰ። የጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ «የተቀጠሩት ማኅተም ሊመቱ እንጂ ሊሰብኩ አይደለም» የሚል የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ላኩላቸው። ደብዳቤው ሦስት የፊደል ግድፈት ነበረበት። እትዬ ፊርማ ግድፈቶቹን በቀይ እስክሪብቶ አርመው፣ ከላይ «ከአሥር ሰባት፣ ይሻሻላል» ብለው ጽፈው መለሱላቸው። በሳምንቱ ከመስኮት ሦስት ተነሥተው ምድር ቤት ወዳለው መዝገብ ቤት ተዛወሩ።

መዝገብ ቤት ማለት አንድ አምፖል፣ እርጥበትና በገመድ የታሰረ አሮጌ ወረቀት ማለት ነው። ሌላው ቅጣት ነው ሲለው እሳቸው ንባብ ነው አሉት። የቆዩትን ውሎች በዓመተ ምሕረት እያስተካከሉ 1945 ዓ.ም. ላይ ደረሱ። እዚያ ውስጥ የእናታቸውን አውራ ጣት አገኙ። መሃሉ ላይ መርፌ የወጋው ጠባሳ ስለነበረ ወዲያው ለዩት። ከጎኑ ግን ሌላ አሻራ ነበር፤ ትንሽ፣ በኃይል ተጭነውት ቀለሙ ከመስመሩ የወጣ። የማን እንደሆነ ለማወቅ ጊዜ አልወሰደባቸውም። ወረቀቱን መሳቢያቸው ውስጥ አኖሩትና ለማንም ሳይናገሩ ወራት ቆዩ። እናታቸው ያን ጊዜ አርፈው ነበር፤ ለእህታቸው ደግሞ እንዴት ብለው እንደሚያነቡት ጨነቃቸው። እትዬ ፊርማ ማንበብ የፈሩት ወረቀት ቢኖር ያ ብቻ ነው።

በ1964 ዓ.ም. የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ አሥራ ሦስተኛ ዓመቷን ያዘች። አንድ ቀን ጠዋት አባቷ ወረቀትና ቀለም ይዞ መጣና እታለምን «እዚህ ላይ አትሚ» አላቸው። እታለም ምንድን ነው ብለው አልጠየቁም። እጃቸውን በውኃ ታጥበው፣ የልጃቸውን ክንድ ይዘው፣ ከቤት ወጥተው ሳይቆሙ እዚያ ምድር ቤት ወረዱ። «ይቺን አስተምሪልኝ» አሉ።

እትዬ ፊርማ መልስ ከመስጠታቸው በፊት መሳቢያቸውን ከፍተው የ1945ቱን ወረቀት አወጡ። ከርእሱ እስከ ቀኑ አነበቡላቸው። እታለም እስኪያልቅ ቆመው ሰሙ። ከዚያ ትንሿን አሻራ ነካ አድርገው «ይቺ እኔ ነኝ» አሉ። «አጎቴ ለብቻዬ ጠርቶ አንቺም ተማሪ ነሽና አትሚ ሲለኝ ደስ ብሎኝ ነው ጠበቅ አድርጌ የተጫንኩት።» ሁለቱ እህትማማቾች ተቃቅፈው አለቀሱ። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢም አብራ አለቀሰች፤ ለምን እንደምታለቅስ የገባት ግን ብዙ ቆይቶ ነው። እታለም ወደዚያ ቤት አልተመለሱም። ባልየው ሁለት ጊዜ ሽማግሌ ላከ፤ እትዬ ፊርማ ሁለቱንም ጊዜ በር ላይ ቆመው ውሉን ጮክ ብለው አነበቡላቸው፤ ሦስተኛ የመጣ የለም። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ በእትዬ ፊርማ ቤት አድጋ፣ ተምራ፣ መምህርት ሆና ሠላሳ አራት ዓመት አስተምራለች።

እታለም በጓሮ ክፍል ገብተው ሹራብ እየሠሩ መኖር ጀመሩ። የምሳ ሰዓቱ ትምህርትም ወደ ቤቱ በረንዳ ተዛወረ፤ ሰኞና ረቡዕ ከሰዓት በኋላ ሰሌዳ ይሰቀላል፣ ሴቶች ይሞላሉ። እታለም ግን «ልጄን አስተምሪ፣ እኔን ተዪኝ። ወረቀት አንዴ ሸውዶኛል፤ ሁለተኛ አይሸውደኝም» ብለው ቆረጡ። እትዬ ፊርማ ነገሩ ገብቷቸው ተዉአቸው። ለአንድ ሳምንት ያህል። በስምንተኛው ቀን ደብተሩን ይዘው ሄደው «እታለም፣ ዛሬስ?» አሉ። እታለምም «ሂጂ ወዲያ» አሉ። ይህ ጥያቄና መልስ አምሳ ሁለት ዓመት ዘለቀ። እታለም በጣም ሲሰለቻቸው «ደግሞ ጀመረሽ? ስትሞቺ እፈርምልሻለሁ» ይሏቸው ነበር። ታላቅ ስለሆኑ ቀድሜ እሄዳለሁ ብለው ተማምነው ነው። ከዚያ በረንዳው ጥግ ላይ ለሰሌዳው ጎናቸውን ሰጥተው ሹራባቸውን ይቀጥላሉ።

እትዬ ፊርማ በ1992 ዓ.ም. በጡረታ ተሰናበቱ። ጽሕፈት ቤቱ የምስጋና ወረቀት አዘጋጅቶላቸው ነበር፤ «ለታዛዥነታቸው» የሚል ቃል ስላገኙበት አልተቀበሉም። እንደገና ተጽፎ «ለትጋታቸው» ተብሎ ሲመጣ ተቀበሉ። ያ ሦስት ግድፈት የሠሩት ኃላፊ ከሞቱ በኋላ ባለቤታቸው በሰባ ዓመታቸው በረንዳው ላይ መጥተው ተማሩ። እትዬ ፊርማ ስለ ሟቹ ኃላፊ አንድም ቃል አልተነፈሱም፤ ከፊት አስቀመጧቸው እንጂ። በደብተሩ ላይ ባለፈው ሰኔ የፈረመችው የመጨረሻዋ ሴት አንድ ሺህ ሦስት መቶ አርባ ሰባተኛዋ ናት። የመጀመሪያው መስመር ያኔም ባዶ ነበር።

በ2014 ዓ.ም. ግንቦት ወር ላይ በድንገት በስትሮክ ታመው ቀኝ ጎናቸው አልታዘዝ አላቸው። ሆስፒታል ውስጥ ለቀዶ ሕክምና የፈቃድ ወረቀት ቀረበ። ነርሷ እጃቸው እንደማይሠራ አይታ በቅንነት የጣት ቀለም አመጣች። ምን እንደተከተለ መገመት ትችላላችሁ። ልጃቸው «እማዬ፣ እኔ ልፈርምልሽ» ብትላቸው ገረመሟት። ወረቀቱ መጀመሪያ እንዲነበብላቸው አደረጉ፤ ከዚያ እስክሪብቶውን በግራ እጃቸው ይዘው ስማቸውን ጻፉ። ፊደሎቹ እንደ ሰካራም ተንጋደዋል፤ ሩብ ሰዓትም ፈጅቷል። ሐኪሙ ሰዓቱን እያየ «እትዬ፣ ጊዜ የለንም እኮ» ሲላቸው «ሲነበብልኝ ነው የዘገየው፤ አጭር አድርገህ ጻፍ» አሉት። ከዚያ በኋላ ዓመት ከመንፈቅ በሕይወት ቆይተው በግራ እጃቸው አስተምረዋል። ሁለተኛ ጊዜ ሲታመሙ ግን አልተነሡም፤ ኅዳር 11 ቀን 2016 ዓ.ም. ማክሰኞ ረፋድ ላይ በቤታቸው፣ በልጆቻቸውና በእህታቸው መካከል በተወለዱ በ78 ዓመታቸው አረፉ።

እትዬ ፊርማ የአንዲት የመንገድ መሐንዲስ ሴት ልጅና የሆስፒታል ምግብ አብሳይ የሆነ የአንድ ወንድ ልጅ እናት፣ የአምስት የልጅ ልጆች አያት፣ የዚህ ጽሑፍ አቅራቢም ሁለተኛ እናት ነበሩ። ታላቅ እህታቸው እታለም በ84 ዓመታቸው ከእኛ ጋር አሉ።

ትናንት ረቡዕ ጠዋት እስከዚህ ድረስ ያለው ጽሑፍ ወደ ማተሚያ ቤት ሊላክ ሲል እታለም «እስቲ አምጪው» አሉ። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ልታነብላቸው መነጽሯን ስትፈልግ ወረቀቱን ከእጇ ወሰዱ። ጣታቸውን የመጀመሪያው መስመር ላይ አሳርፈው፣ ከንፈራቸውን እያንቀሳቀሱ፣ ማንበብ ጀመሩ። ማንም ቁጭ አድርጎ አላስተማራቸውም፤ አምሳ ሁለት ዓመት በዚያ ጥግ ሹራብ እየሠሩ በጎን ዓይናቸው የለቀሙት ነው። እትዬ ፊርማ ይህን ያውቁ ነበር ወይ ተብለው እታለም ሲጠየቁ «ሳታውቅ አትቀርም» አሉ። ታዲያ ለምን አልፈረሙላቸውም ቢባሉ «ከፈረምኩላት እኮ መጠየቋን ትተዋለች» ብለው አለቀሱ።

አንብበው የጨረሱት ለምሳ ሰዓት ጥቂት ሲቀረው ነው። አንድ ስሕተት አገኙ። ሽማግሌዎቹ ሲመጡ አሥራ ሦስት ዓመታቸው እንደነበረ፣ አሥራ አራተኛውን የደፈኑት በሰው ቤት እንደሆነ ተናገሩ። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ከላይ ሰርዛ ልታስተካክል ስትል «ስርዝ ድልዝ የለም፤ እርማት ከታች ተጽፎ ይፈረምበታል» አሏት። ስለዚህ ከላይ አሥራ አራት ተብሎ የተጻፈው አሥራ ሦስት ተብሎ ይነበብ። ከዚያ ሰማያዊውን ደብተር አስመጥተው የመጀመሪያውን ገጽ ገለጡ። በመጀመሪያው መስመር ላይ ስማቸውን ሙሉ ከነአባታቸው ጻፉ። ከጎኑም «አንብቤ ፈረምኩ» ብለው ጨመሩበት። ይህን የመጨረሻ ክፍልም ቢሆን አንብበውት ነው የታተመው።

አምላክ የእትዬ ፊርማን ነፍስ በብርሃን ማደሪያው ያሳርፍልን። የሰማይ ቤቱ መዝገብ ሲቀርብላቸውም ከርእሱ እስከ ቀኑ ሳያነቡ እንደማይፈርሙበት እናውቃለንና በዚያ በኩል ያሉት ይታገሷቸው። ለእታለም ዕድሜና ጤና ይስጥልን። ደብተሩ በሩ አጠገብ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጧል፤ የጣት ቀለም አላስቀመጥንም። መፈረም ያልቻለች እህት ካለች ሰኞ ከሰዓት በኋላ በረንዳው እንደ ወትሮው ክፍት ነው፤ የሚያስተምሩት እታለም ናቸው።